ሙሴ ፌርናን ሲገቡ አለመነሳት

በመጀመሪያው የሥራ ቀኔ ታክሲ ነጂ ነበርኩ። መንዳት አልችልም።

ነገሩ እንዲህ ነው። ኦስሎ ውስጥ አልናብሩ የሚባል ሰፈር ካሉት መጋዘኖች በአንዱ ዕቃ ጫኝና አውራጅ ሆኜ ስሠራ፣ ቱሪል የምትባል ሴት ምሳ ክፍላችን ድረስ መጣች። ለፊልም ሰው መመልመል ነው ሥራዋ። የግድግዳ ቀለም እንደሚመርጥ ሰው አንድ በአንድ ስታየን ቆየችና እኔ ጋ ስትደርስ ቆመች። «ፊልም ላይ መታየት ትፈልጋለህ?» አለችኝ። «ምን ሆኜ?» አልኳት። «ታክሲ ነጂ።» በኖርዌጂኛ «ያ» አልኳት፣ እሺ ማለቴ ነው። መንጃ ፈቃድ አለህ ወይ አላለችኝም፤ እኔም ያልተጠየቅሁትን አልመለስኩም።

በቀጠሮው ቀን ጋምለ ኦስሎ የሚባለው ሰፈር ስደርስ አንድ ጠባብ መንገድ ተዘግቶ፣ መብራት ተተክሎ፣ ሰው ሁሉ ሬዲዮ ወገቡ ላይ ሰክቶ ይራወጣል። መኪና ውስጥ አስገቡኝ። መሪ ተዋናዩ ከኋላ ገባ። ረዳት ዳይሬክተሩ በመስኮቱ አንገቱን አስግጎ «እስከዚያ ጥግ ነድተህ ትቆማለህ» ሲለኝ «መንዳት እኮ አልችልም» አልኩት።  «ታክሲ ነጂ ይመጣል ነው የተባልነው» አለ። «ታክሲ ነጂ ሁን ተብዬ ነው የመጣሁት፤ ነጂማ ብሆን አልናብሩ ምን እሠራለሁ?» አልኩት።

በመጨረሻ መብራት የሚተክሉት ሰዎች ተሰብስበው መኪናውን ከኋላ ገፉት። እኔ መሪውን ይዤ፣ ኮስተር ብዬ፣ መንገዱን እያየሁ ሄድኩ። ፊልሙ ሲወጣ የታየው ማጅራቴ ብቻ ነው። ማጅራቴ ግን በደንብ ይነዳ ነበር።

ይህን የምጽፈው ለእናንተ ነው፤ እዚህ ኦስሎ ተወልዳችሁ፣ የትወና ትምህርት ቤት ገብታችሁ፣ «ጋሽ ታደሰ እንዴት ጀመርከው?» እያላችሁ ለምትጠይቁኝ ልጆች። አንተ እያላችሁ ነው የምትጠይቁኝ፤ ለምጄዋለሁ።

ሥራው ስታቲስት ይባላል። መሪ ተዋናዩ ሲያወራ ከኋላው የሚያልፍ፣ የሚጠርግ፣ አውቶቡስ የሚጠብቅ ወይም ሞቶ የሚገኝ ሰው ማለት ነው። ማዕረግ አለው። ከሁሉ በታች ዝም ብሎ የሚያልፍ አለ። ከእሱ በላይ ዕቃ ይዞ የሚያልፍ አለ፤ መጥረጊያ የያዘው ባዶ እጁን ያለፈውን በትንሹ ይንቀዋል። ከዚያ አንድ ዓረፍተ ነገር የሚናገር ይመጣል። ከዚያ ረዳት ተዋናይ። ረዳት ተዋናይ ስክሪፕቱ ላይ ስም አለው፣ ምሳ ላይ ወረፋ አይጠብቅም፣ የሚቀመጥበት ወንበር አለው። እኔ ለብዙ ዓመታት መጥረጊያ የያዝኩ ሰው ነበርኩ።

ያልወለወልኩት የሆስፒታል ኮሪደር የለም። ያልተባረርኩበት የጥገኝነት ጠያቂዎች ካምፕ የለም። አንድ ጊዜ በኅዳር ብርድ ወንዝ ዳር ሬሳ ሆኜ ተጋደምኩ። መርማሪ ፖሊሷ አጠገቤ ተንበርክካ ስለ ሕይወት ከንቱነት ረጅም ንግግር ስታደርግ አስነጠሰኝ። «ሬሳው አስነጠሰ» አለ ዳይሬክተሩ። «ሬሳውም ይበርደዋል፤ ንግግሩን አሳጥሩት» አልኩ። አሳጠሩት። ለኖርዌይ ሲኒማ ያበረከትኩት ትልቁ አስተዋፅዖ ያ ይመስለኛል።

ለቀረጻ ፈቃድ የምጠይቀው የመጋዘኑን አለቃ ሮገርን ነው። ጥሩ ሰው ነው፤ አፉ ግን አያርፍም። በተመለስኩ ቁጥር ዕቃ ማንሻው ፎርክሊፍት ላይ እንደተቀመጠ «ዛሬስ ምን ገደለህ?» ይለኛል። አንዴ ሰጥሜ፣ አንዴ ተወግቼ፣ አንዴ ከሕንፃ ወድቄ ተመልሻለሁ። «አንተን ለመግደል ያላቸው ትጋት ይገርመኛል» ይላል ሮገር።

ቤትም ያው ነው። ልጄ ሜሮን ትንሽ እያለች ቴሌቪዥኑ ላይ አፍንጫዋን ለጥፋ ትፈልገኝ ነበር። ዩኒቨርሲቲ ስትገባ ፍለጋውን ተወችው። «ፓፓ፣ አንተ ባክግሩን ነህ» አለችኝ አንድ ቀን፣ ከኋላ የሚታየው ነገር ነህ ማለቷ ነው። በክፋት አይደለም። እንዲያውም እየሳቀች ነው ያለችው። እኔም ሳቅሁ። ማታ ጥርሴን ስፋቅ ግን መስታወቱ ፊት ትንሽ ቆየሁ። ከፍቶኝ ነበር።

በአገራችን አቆጣጠር ሚሊኒየሙ ከተከበረ ብዙም ሳይቆይ፣ ሮገር ቢሮው ጠራኝ። ፎርማኑ ጡረታ ሊወጣ ነው፤ ቦታውን ለእኔ ሊሰጠኝ ይፈልጋል። «አንድ ነገር ግን አለ» አለኝ። «ፎርማን በየወሩ ለመሞት ፈቃድ አይጠይቅም። ወይ ፊልሙ ወይ ይህ። ሽማግሌው እስኪወጣ ጊዜ አለህ፤ አስብበት።»

ባለቤቴ ወይንሸት ማሰብ አላስፈለጋትም። «አንተ ሰውዬ፣ ፎርማን ብትሆን ምን አለበት? ቢያንስ እዚያ ሰው ዞር ብሎ ያይሃል» አለችኝ። እውነቷን ነው። ከራሴ ጋር ተማከርኩና አንድ ነገር ወሰንኩ። ሽማግሌው ጡረታ እስኪወጣ ስም ያለው ሚና ካገኘሁ እቀጥላለሁ፤ ካላገኘሁ መጥረጊያውን ለባለቤቱ መልሼ ፎርማን እሆናለሁ።

ቱሪል የደወለችው ተስፋ ቆርጬ ሳበቃ ነው። «ፈረንሳይኛ ትችላለህ?» አለችኝ። እንደ ታክሲው ሊሆን ነው ብላ ፈርታለች መሰለኝ ሁለቴ ጠየቀችኝ። እኔ ግን የድሬዳዋ ልጅ ነኝ። አባቴ ባቡር ላይ ነው የሠራው፣ እኔም የባቡሩ ሠራተኞች ልጆች በሚማሩበት ትምህርት ቤት ነው ፊደል የቆጠርኩት፤ የፈረንሳይኛ አስተማሪያችን በማስመሪያ እየመታ ነው ያስገባብን። «ያ፣ ይህንንስ በእውነት እችላለሁ» አልኳት።

ሚናው ሳሙኤል የሚባል የኮሙን፣ የከተማው አስተዳደር፣ ሠራተኛ ነው። ሳክስበሃንድለር ይሉታል እዚህ፤ ማመልከቻህን ይዞ ዕድልህን የሚወስነው ሰውዬ ማለት ነው። ታሪኩ ስለ አንድ ፈረንሳዊ ሽማግሌ ነው። ኖርዌጂያዊት ሚስቱ ሞታበት፣ አብረው ከኖሩበት ቤት እንዳያስወጡት ለመለመን ኮሙን ይሄዳል። ሳሙኤል ቁጭ እንዳለ ሽማግሌው ቆሞ በፈረንሳይኛ ይለምነዋል። ሳሙኤል ቀና ብሎ አያየውም። ሁሉን ሰምቶ ሲያበቃ «ቀጠሮ ይዘው ይመለሱ» ይለዋል። በቃ፣ ያ ነው። ግን ስም አለው፣ ፊት አለው፣ ወንበርም አለው።

ሽማግሌውን የሚሠሩት ከፓሪስ የመጡ ሙሴ ፌርናን ናቸው። ድሬዳዋ ፈረንጁን ሁሉ፣ በተለይ ፈረንሳዩን፣ ሙሴ ነበር የምንለው፤ እሳቸውንም እንደዚያው አልኳቸው፣ ደስ አላቸው። ከአርባ ዓመት በላይ ረዳት ተዋናይ ሆነው ኖረዋል። መድኃኒት ሻጭ፣ የመንደር ቄስ፣ በሩን ከፍቶ «እኔ ምንም አላየሁም» የሚል ጎረቤት፣ በፊልሙ አጋማሽ የሚገደል ባንክ ሠራተኛ። «በዚህ ዕድሜዬ መሪ ተዋናይ ያደረጉኝ ሌሎቹ ስለሞቱ ነው» አሉኝ ገና ሜካፕ ክፍል ውስጥ ስንተዋወቅ።

አገራቸው ውስጥ ፊታቸውን ሁሉ ያውቀዋል፣ ስማቸውን ማንም አያውቀውም። አንዲት ሴት መንገድ ላይ አቁማ ስለ ጥርሷ አማክራቸዋለች፤ የጥርስ ሐኪሟ መስለዋታል። «ታዲያ ምን አሏት?» ብላቸው «እንድትነቀል መከርኳት፤ ለማንኛውም ይሻላል» አሉኝ። የኔን ፈረንሳይኛ ሲሰሙ ደግሞ ዓይናቸውን ጨፍነው አዳመጡና «የባቡር ጣቢያ ኃላፊ ነው የሚመስለው፤ ሊሳፈር የመጣ ሰው ትመስለኛለህ ብዬ ነበር» አሉ። እንዲህ አድርገው ነው የሚያሾፉት፣ ፊታቸው ሳይፈታ።

ከቀረጻው በፊት የሠሩትን ልንገራችሁ፤ ይጠቅማችኋል። ወደ ቢሮው በር ሄዱ። እጀታውን ጨበጡ፣ ከፈቱ፣ ዘጉ፣ እንደገና ከፈቱ። ማጠፊያው እንደሚጮህ ሰሙና አንዱን ሠራተኛ ዘይት አስደረጉበት። ደፉን በጫማቸው ጫፍ ለኩ። «ረዳት ተዋናይ ሥራው በር ነው» አሉኝ። «ይገባል፣ አንድ ነገር ይላል፣ ይወጣል። በሩን የማያውቅ ሰው ሚናውን አያውቀውም።» እኔም ወንበሬን መረመርኩ። ጎማ ያለው፣ የሚሽከረከር፣ ምቹ ወንበር ነው። ከእሱ ተንኮል ይመጣል ብዬ አልጠረጠርኩም።

ቀረጻው ተጀመረ። ጠረጴዛ አለኝ፣ ኮምፒውተር አለኝ፣ የፕላስቲክ አበባ አለኝ፣ ክራባት አለኝ። ዳይሬክተሯ ሲሪ ትባላለች፤ ከሜሮን ብዙም አትበልጥም። «ጀምር» አለች። በሩ ተከፈተ። ሙሴ ፌርናን ባርኔጣቸውን በእጃቸው ይዘው፣ ከዘራ ተደግፈው፣ ጠጉራቸው ነጭ ሆኖ ገቡ። እኔ ብድግ አልኩ።

«ቁም» አለች ሲሪ። «ታደሰ፣ ምን ሆነህ ነው?» «ይቅርታ፣ ረስቼ ነው» አልኩ። ሁሉም ሳቁ፣ እኔም ሳቅሁ። ሙሴ ፌርናን ተመልሰው ወጡ።

እንደገና ተጀመረ። አሁን ጥርሴን ነክሼ፣ የጠረጴዛውን ጠርዝ ይዤ ነው የጠበቅሁት። በሩ ተከፈተ። እግዚአብሔር ያውቃል፣ እኔ አልተነሳሁም፤ መቀመጫዬ ነው ሳያማክረኝ የተነሳው። ግማሽ መንገድ ላይ ያዝኩትና መልሼ አስቀመጥኩት። ሲሪ አሁን አልሳቀችም። «ሳክስበሃንድለር እኮ ነህ» አለችኝ። «ሳክስበሃንድለር ለማንም አይነሳም።»

ተመልከቱ፣ ኦስሎ ውስጥ ብዙ ዓመት ኖሬያለሁ። በከተማው ባቡር፣ ቲ-ባነው ላይ፣ ወጣቱ ተቀምጦ አሮጊቷ ቆማ ስትሄድ አይቼ፣ በመጀመሪያው ዓመት ተናድጄ፣ በሁለተኛው ዓመት ዝም ብዬ፣ በኋላ ጭራሽ ማየቱን ትቻለሁ። ሁሉን የለመድኩ መስሎኝ ነበር። ግን ሽማግሌ ባርኔጣውን አውልቆ በበር ሲገባ መነሳት፣ እኛ ቤት ከመራመድ ጋር እኩል የተማርነው ነገር ነው። አባታችን ልጅ ተቀምጦ ሽማግሌ ከቆመ ኋላ ይነጋገሩበታል። የንግግሩ ዘዴ አርጩሜ ነበር።

መብራት የሚተክሉት ሰዎች መፍትሔ አመጡ። የመብራት ማቆሚያው እንዳይወድቅ እግሩ ላይ የሚጭኑት የአሸዋ ከረጢት አላቸው። ካሜራው ከጠረጴዛ በታች ስለማያይ ያንን ጭኔ ላይ ጫኑብኝ። ከባድ ነው። «አሁን ተነሳ እስቲ» አለኝ አንዱ እየሳቀ። በሩ ተከፈተ፣ ሙሴ ፌርናን ገቡ። ከነከረጢቱ ተነሳሁ። ብሶም «ኖር» የሚል ቃል ከአፌ ወጣ። ከረጢቱ ዱብ ሲል የፕላስቲክ አበባው ወደቀ። ድምፅ የሚቀዳው ሰው ማዳመጫውን አውልቆ «ምንድን ነው ያለው?» ብሎ ጠየቀ።

ሲሪ የምሳ ዕረፍት ይሁን አለች። ጊዜው ገና ነበር፤ ለምሳ የራባት አልመሰለኝም።

ስም ያለው ሰው ስለሆንኩ ወረፋ ሳልጠብቅ ምግቤን አነሳሁ። አልበላልህ አለኝ። ቱሪል መጥታ አጠገቤ ተቀመጠች። ፊቷን ሳየው ነገሩ ገባኝ። «እዚያ ጥግ ያለውን ልጅ አየኸው?» አለችኝ። እዚህ የተወለደ፣ የኮንጎ ልጅ የሆነ፣ ፈረንሳይኛ የሚናገር ወጣት ነው። የኔን ዓይነት ክራባት አስረውለታል። «ከምሳ በኋላ አንዴ ይሞክሩሃል። ካልሆነ…» አለች። «ናይ፣ ገብቶኛል» አልኳት፤ ናይ በነሱ አይ ማለት ነው። ልጁ ስልኩን እያየ፣ እግሩን ዘርግቶ፣ ወንበሩ ላይ ተዘርግቶ ነበር። ያ ልጅ የፈረንሳይ ፕሬዚዳንትም ቢገባ አይነሳም።

በሆዴ ሮገርን አሰብኩ። ፎርማንነቱን አሰብኩ። ልጄ ባክግሩን ያለችኝን አሰብኩ። ለዓመታት ወንበር ስለምን ኖሬ፣ ወንበሩን ሲሰጡኝ መቀመጥ አቃተኝ። በራሴ አፈርኩ።

ሙሴ ፌርናን ሳህናቸውን ይዘው መጡና ፊት ለፊቴ ሊቀመጡ ሲሉ፣ ምን ትላላችሁ፣ ብድግ አልኩ። ቆመው አዩኝ። «አሁን ካሜራ የለም እኮ» አሉ። «አውቃለሁ፣ ሙሴ።» «በሽታ ነው?» «ናይ፣ አስተዳደግ ነው» አልኳቸው።

አስረዳኋቸው። እኛ ዘንድ ታላቅ ሰው ሲገባ የተቀመጠ ይነሳል፣ «ኖር» ይላል። የገባው ሰው ደግሞ «በእግዜር» ይላል፣ በእግዚአብሔር ተቀመጡ እንደማለት ነው። እሱ ካላለ ተነሺው አይቀመጥም። ሙሴ ፌርናን ዓሣቸውን እያኘኩ በጥሞና ሰሙኝ። «ስለዚህ አንተን መልሶ የሚያስቀምጥህ የገባው ሰው ነው እንጂ ዳይሬክተሯ አይደለችም» አሉ። «እንደዚያ ነው።» «እኔም አልኩ እንዴ? አላልኩም። ጥፋቱ የኔ ነዋ።»

ከዚያ ሹካቸውን አስቀመጡ። ማሾፉ ከፊታቸው ጠፋ። «አሁን አንተ ስማኝ» አሉ። «ስትነሳልኝ ታከብረኛለህ። ጥሩ ነው። ግን እኔ ሊለምን የመጣ ሰው ነኝ። ለተነሳለት ሰው ማንም አያዝንም፤ ለተነሳለት ሰው ልመናም አያስፈልገውም። አንተ ስትነሳ ትዕይንቴን ከእጄ ትወስድብኛለህ። አርባ ዓመት ሌሎች ሰዎች ለሚለምኑበት ትዕይንት በር ስከፍት ኖሬያለሁ። ዛሬ የምለምነው እኔ ነኝ። ልታከብረኝ ከፈለግህ ቁጭ በል።»

 እንዲያ አድርጎ የነገረኝ ሰው አልነበረም። ሁሉም ባህሪውን ተው ነበር ያለኝ፤ እሳቸው ግን ባህሪውን ሳልተው የት እንደማውለው ነገሩኝ።

«ደግሞ ያንን ቃል አስተምረኝ» አሉ። «በእግዜር» አልኳቸው። «በግዘር» አሉ። «በእግዜር።» «በኧግዜር።» ቡና እየጠጡም፣ ሜካፕ እያደሱላቸውም ሲለማመዱ ሰማሁ። የሜካፕ ሠራተኛዋ ጸሎት መስሏት ብሩሿን ይዛ ጠበቀቻቸው።

ከምሳ መልስ ቦታችንን ያዝን። ክራባት ያሰረው ወጣት ከካሜራው ኋላ ቆሟል። ሲሪ እጇን አጣጥፋለች። «ጀምር» ከመባሉ በፊት ከበሩ ጀርባ የሙሴ ፌርናን ድምፅ መጣ። «በእግዜር!» አሉ፣ በደንብ፣ ጮክ ብለው። ሲሪ ወደ እኔ ዞራ «ምን ፈለጉ?» አለች። «ምንም፤ ፈቃድ እየሰጡኝ ነው» አልኳት። ራሷን ነቀነቀችና «ጀምር» አለች።

በሩ ያለ ድምፅ ተከፈተ። የከዘራውን ቷ ቷ ሰማሁ። ጉልበቴ ሊነሳ ቃጣው፤ ፈቃድ ቢሰጠውም አላመነም። ቀና ብዬ ነጩን ጠጉር ካየሁ እንደምነሳ ገባኝ። ስለዚህ ዓይኔን ከኮምፒውተሩ አልነቀልኩም። እሳቸው ይለምናሉ፣ እኔ ፊደል እመታለሁ። ስለ ሚስታቸው አወሩ፣ ስለ መስኮታቸው፣ ጠዋት ጠዋት ስለሚገባው ብርሃን አወሩ። ድምፃቸው አንድ ቦታ ላይ ተሰበረ።  መንጋጋዬን ነክሼ «ቀጠሮ ይዘው ይመለሱ» አልኩ። ድምፄ ወፍሮና ሻክሮ ወጣ፤ የራሴ አልመሰለኝም። ከዘራው ተመልሶ ወጣ።

 ከዚያ ሲሪ «እንዴት ያለ ቅዝቃዜ ነው!» አለች። «ቀና እንኳ አላልክም። ያ ጭካኔ ከየት መጣ?» ጭካኔ አልነበረም፣ እፍረት ነበር። ግን ለዳይሬክተር ሁሉ ነገር አይነገርም። ወጣቱ ክራባቱን ፈታና ጨበጠኝ፤ ጨዋ ልጅ ነው። ሙሴ ፌርናን በበሩ ብቅ ብለው «አሁን መነሳት ትችላለህ» አሉኝ። ተነስቼ እጅ ነሳሁ።

ፊልሙ ሲወጣ ቱሪል የመግቢያ ወረቀት ሰጠችኝ። ወይንሸትን፣ ሜሮንንና እትዬ አስካለን ይዤ ሄድኩ። እትዬ አስካለ ፉሩሴት ሰፈር ያለን አበሾች ሁሉ እናት ናቸው። ትምህርት ቤት ሲያጸዱ ኖረው ጡረታ ወጥተዋል፤ ያላስታረቁት ባልና ሚስት፣ ያልቆጡት ልጅ የለም። የኔን ፊልሞች አንድ በአንድ አይተዋል፣ በየአንዱም እንቅልፍ ወስዷቸዋል። «ሲመጣ ቀስቅሱኝ» ይላሉ፤ ሲቀሰቀሱ አልፌያለሁ።

ያን ቀን አልተኙም። ትዕይንቱ ደረሰ። ሙሴ ፌርናን ገብተው ቆሙ። እኔ ቁጭ ብያለሁ፣ ፊቴ ስክሪኑን ሞልቶታል። ሲኒማው ጸጥ ባለበት፣ እትዬ አስካለ በአማርኛ «ተነስ እንጂ፣ አንተ!» አሉ። ከፊት ያሉት ሰዎች ዞሩ። ወይንሸት ነጠላቸውን ጎተት አደረገቻቸው። «ምን ትጎትቺኛለሽ፣ ሽማግሌ እኮ ነው ያቆመው» አሏት።

መብራቱ ሲበራ ሜሮን ክንዴን በቡጢ መታችኝና «ፓፓ፣ እንዴት እንዳስጠላኸኝ» አለች። ዓይኗ እንባ አቅርሯል። እትዬ አስካለ ግን ኮታቸውን ለብሰው፣ ሦስታችንንም ሳይሰናበቱ፣ ብቻቸውን ወደ ቲ-ባነው ሄዱ።

እሑድ ቤተ ክርስቲያን ደጅ ላይ ሁሉን ስመው እኔን ዘለሉኝ። «ሂድና ይቅርታ ጠይቅ» አለችኝ ወይንሸት። «ፊልም ስለሠራሁ?» «ናይ፣ ሽማግሌ ስላቆምክ» አለች፤ ሳቋን ይዛው ነበር።

ቤታቸው ሄድኩ። በሩን ከፍተውልኝ፣ ተመልሰው ሶፋቸው ላይ ተቀመጡና ቴሌቪዥን ማየት ቀጠሉ። ተቀመጥ አላሉኝም። ቆምኩ።

«እትዬ፣ ትወና እኮ ነው» አልኩ።

«አውቃለሁ። አላበድኩም» አሉ ዓይናቸውን ከቴሌቪዥኑ ሳያነሱ። «ስትሞት ስንቴ አይቼሃለሁ። አልቅሼልህ አውቃለሁ? አንተ መሆንህን ስለማውቅ ነዋ። ያን ቀን ግን አንተን ፈልጌ አጣሁህ። ያ ሰውዬ ነው የነበረው።»

«የቱ ሰውዬ?»

«እዚህ አገር እንደመጣሁ ወረቀቴን ይዤ የቆምኩበት። ልጆቼን ላምጣ ብዬ የለመንኩት። እንዳንተ እንደዚያ ሲጽፍ፣ ሲጽፍ፣ ቀና ሳይል ሰደደኝ። ሰው አልነገርኩም። አንተ ከየት አመጣኸው?»

ይህን አልጠበቅሁም።  እውነቱን ነገርኳቸው። «ቀና ካልኩ እነሳ ስለነበር ነው፣ እትዬ» አልኩ። «ደጋግሜ ተነስቼ ሥራው ሊበላሽ ነበር። ሽማግሌው ራሳቸው ናቸው ቁጭ በል ያሉኝ። በእግዜር ብለውኛል፣ በአማርኛ።»

ቴሌቪዥኑን ዘጉት። «ፈረንጁ?»

«ፈረንጁ።»

አሰቡበት። «እንግዲህ እሳቸው ካሉ እኔ ምን አደርጋለሁ» አሉ በመጨረሻ። «በል ተቀመጥ። ቤቴ አንተ ስትፈልግ ና። ያ ሰውዬ ግን ደጄ ድርሽ እንዳይል።» ተቀመጥኩ። ሻይ አመጡልኝ፣ ስለ ልጆቻቸው አወራን፤ በኋላ ሌላ ሰው ወረቀታቸውን እንዳየላቸውና እንደመጡላቸው ነገሩኝ። ስወጣ ግራና ቀኝ ሳሙኝ።

ሰኞ ሮገርን ቢሮው አገኘሁት። ሽማግሌው ፎርማን ዕቃውን እየሰበሰበ ነበር። «ታዲያስ?» አለኝ ሮገር። «አልችልም» አልኩት። «በዚህ ሳምንት ደግሞ ማን ገደለህ?» «አሁን አልሞትም፤ አሁን ሰው እከለክላለሁ» አልኩት። ከዚያ በኋላ ያገኘኋቸው ሚናዎች ሁሉ ትንንሽ ናቸው፤ የፓስፖርት ተቆጣጣሪ፣ የባንክ ሰው፣ አከራይ። ስም ግን ሁሉም አላቸው።

ከሥራው የተማርኩት ይህን ነው። የሠራኸውን ሰው ያመነ ይቀየምሃል። ቤቱ ድረስ ሄደህ ይቅርታ ጠይቀው፤ ሚናውን ግን እንዳታለዝበው።